ከቡዳፔስት አቃቂ የገቡት ድምፅ ቆራጭ

ሥራዬ ፊልም ላይ ድምፅ መቁረጥና መቀጠል ነው። ሰው «ምን ትሠሪያለሽ?» ሲለኝ ይህንኑ እመልሳለሁ፤ ከዚያ በኋላ ፊቱ ላይ የሚመጣውንም ለምጄዋለሁ። መጀመሪያ ፊልም የሚለውን ቃል ሰምቶ ደስ ይለዋል። ቀጥሎ የት ላይ እንዳየኝ ለማስታወስ መልኬን ያጠናል። ሲያጣኝ ያዝንልኛል። እናቴ ደግሞ ለሰፈሩ «ተዋናዮቹ አፋቸውን ሲከፍቱ ድምፁን የምታስገባላቸው ልጄ ናት» ብላ ስላወራች፣ ወንዱንም ሴቱንም ወክዬ የምናገረው እኔ የምመስላቸው የአቃቂ እናቶች አሉ። አንዷ እንዲያውም በአንድ ፊልም ላይ ክፉ ባል ሆኜ ሚስቴን የሰደብኩትን ስድብ ተቀይማ ሁለት ሳምንት ሙሉ ሰላምታዬን አልተቀበለችም።

እናቴን ላስተዋውቅ፤ ያለ እሷ ይህ ታሪክ አይሄድም። ዕድሜዋን የፈጀችው ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ውስጥ፣ የሽመና ማሽን ላይ ነው። ማሽኖቹ ሲነሱ ጆሮ ሥር ገብቶ መጮህ እንኳ ስለማያዋጣ ሴቶቹ አዳራሹ ማዶና ማዶ ቆመው፣ ከንፈር ለከንፈር እየተያዩ ያወሩ ነበር። እናቴ ጡረታ ስትወጣ የጆሮዋን ግማሽ እዚያው ትታ፣ ከንፈር ማንበቡን ግን ይዛ ወጣች። ልጅ ሆኜ ከኋላዋ እንደ ልቤ አጉረመርም ነበር። ከፊቷ ከሆንኩ ግን ድምፄን አጥፍቼ አፌን ብቻ ባንቀሳቅስም ጥፊው አይቀርልኝም። ከአስፋልቱ ማዶ ሁለት ሰዎች ሲያወሩ ካየች ቀጥ ብላ ትቆምና «ያችኛዋ ልትፈታው ነው» ትለኛለች። አንድ እሑድ ቅዳሴ ላይ ቆማ፣ ጥግ ይዘው ስለ እንግሊዝ ኳስ የሚንሾካሾኩ ሁለት ዲያቆናት አይታ ውጤቱን ነግራኛለች።

እኔ ከቴክኒክና ሙያ በኤሌክትሮኒክስ ተመርቄ መጀመሪያ የተቀጠርኩት ቃሊቲ፣ የቀላል ባቡሩ ማብቂያ አካባቢ ያለ ፎቶና ቪዲዮ ቤት ነው። ሰርጉንም፣ ኒካሁንም፣ ክርስትናውንም፣ ልደቱንም እናቀናብራለን። ከቃሊቲ የሚመጣ ቪዲዮ ሁሉ ከተሳቢ መኪና ጥሩምባ ጋር ነው የሚመጣው፤ ሽማግሌው ሙሽሮቹን ሲመርቁ ጥሩምባ፣ ኬክ ሲቆረስ ጥሩምባ። አለቃዬ ለዚህ መላ ነበረው። ኮምፒውተሩ ላይ «ጥሩ እልልታ» የሚል አንድ ፋይል አለ። ድምፁ የተበላሸ ሰርግ ሁሉ እሱን ይለብሳል። የማን እልልታ እንደሆነ የሚያውቅ ሰው አልነበረም።

አንድ ከሰዓት በኋላ አንድ ሽማግሌ ለጉርድ ፎቶ ገቡ። ፀሐዩ አናት እየበሳ እርሳቸው ወፍራም ካፖርት ለብሰዋል። እኔ ጥግ ላይ ሆኜ ሰርግ ሳቀናብር ድምፁን ከፍቼው ነበር። ፎቶ አንሺው «ቀና ይበሉ» ሲላቸው አንገታቸውን ወደ እኔ እንዳዞሩ ቀሩ።

«ይህቺን ሴትዮ አውቃታለሁ» አሉ።

«የቷን፣ ጋሼ?»

«እልል የምትለዋን። የእህቴ ልጅ የሰርግ ቪዲዮ ላይም ነበረች። ሦስት ጊዜ እልል ትልና አራተኛው ላይ ትስላለች። አሁንም ሳለች። ሰው በሁለት ሰርግ ላይ፣ በአንድ ቦታ፣ አንድ ዓይነት ሳል ይስላል? ወይ እሷ ሳንባዋን ትታይ፣ ወይ እናንተ ሌቦች ናችሁ።»

አለቃዬ ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም፤ ፋይሉን መልሼ ስሰማው ሳሉ አለ። ቁጥር የሌለው ሰርግ ላይ በገዛ እጄ ለጥፌው አንድም ቀን አልሰማሁትም ነበር። ሽማግሌው ፎቷቸውን ይዘው ሲወጡ ተከተልኳቸው።

«ጋሼ፣ ሳሉን እንዴት ሰሙት?»

«አንቺ እንዴት አልሰማሽውም? ደሞዝተኛዋ አንቺ ነሽ።»

እንዲህ ነው የተዋወቅነው። ስድባቸውን ወድጄው ይሁን እልህ ይዞኝ እስከ ዛሬ አላውቅም፤ ብቻ ከዚያ በኋላ በሳምንት ሁለት ሦስት ቀን፣ በምሳ ሰዓቴ፣ ከአሮጌው ባቡር ጣቢያ አጠገብ ወዳለ ሻይ ቤት እየሄድኩ አገኛቸው ጀመር። ታሪካቸውንም እዚያው ቀስ በቀስ ሰማሁ።

የአቃቂ ልጅ ናቸው፤ አባታቸው የባቡር ሠራተኛ ነበሩ። በአብዮቱ ዘመን ተማሪ ወደ ሶሻሊስት አገሮች ሲላክ እርሳቸው የጨርቃ ጨርቅ ማሽን ምህንድስና ደረሳቸውና ሃንጋሪ፣ ቡዳፔስት ገቡ። ቤተሰቡ ተመልሶ ፋብሪካ የሚያስተዳድር ልጅ እየጠበቀ ነው። በሁለተኛው ዓመት ላይ አንድ የፊልም ቡድን ማደሪያቸው ድረስ መጥቶ ጥቁር ሰው ፈለገ። የአፍሪካ ልዑል ሆነው አንድ ዓረፍተ ነገር እንዲናገሩ ነው። ተናገሩ። ፊልሙ ሲታይ ግን ከአፋቸው የወጣው የሌላ ሰው ድምፅ ሆነ፤ ወፍራምና ሃንጋሪኛው የጠራ።

«ድምፄን የሰረቀው ማነው ብዬ፣ ልደባደብ ስቱዲዮው ድረስ ሄድኩ» አሉኝ። «ገብቼ ሳይ አንዲት አሮጊት ሲጋራ በአፏ ይዛ ቴፕ በምላጭ ትቆርጣለች። ‹አንተ ሃንጋሪኛ ስትናገር ጥርሱን እያስነቀለ የሚያወራ ሰው ነው የምትመስለው› አለችኝ። ከዚያ አፌ ላይ የሰው ድምፅ እንዴት እንደለጠፈችው አሳየችኝ። ልደባደብ ገብቼ ሠላሳ ዓመት ተቀመጥኩ።»

«ሽመናውስ?»

«ለእናቴ ማሽን ፊት ቆሜ የተነሳሁትን ፎቶ ልኬላታለሁ። ቱታው የውሰት ነው።»

መጀመሪያ የተሰጣቸው ሥራ የተዋናዮችን ትንፋሽ ከንግግራቸው መሐል እየቆረጡ ማውጣት ነበር። የቆረጡትን ቴፕ እንዳይጠፋ አንገታቸው ላይ ያንጠለጥሉታል፤ ምሳ ሊበሉ ሲወጡ የአንዲት ዝነኛ ተዋናይት ሲቃ ካንገታቸው ተንጠልጥሎ የወጡበት ቀን አለ። በኋላ እርምጃና ዕቃ ወደ ማሰማቱ አደጉ። ፈረስ ሆነዋል። የባላባት በር ሆነዋል። መሳሳም ሲመጣ ማይኩ ፊት የሚቆሙት እርሳቸው ነበሩ።

«ሃንጋሪ ውስጥ ስንት ቆንጆ ተሳመች መሰለሽ» ይሉኛል፣ ሻያቸውን እያማሰሉ። «ሕዝቡ አዳራሽ ውስጥ ቁጭ ብሎ ልቡ ሲጠፋ የሚሰማው የአቃቂ ልጅ የገዛ ክንዱን ሲስም ነው።»

አግብተውም ነበር። ሴትዮዋ ደግ ነበረች፤ ግን ስታኝክ ይሰማቸዋል። እርሳቸው እንደሚሉት ለዘጠኝ ዓመት ታገሡ፤ ከዚያ ራት ላይ ሙዚቃ መክፈት ጀመሩ፣ እሷም የሙዚቃው ምክንያት ሲገባት ሄደች። ለምን ወደ አገር እንደተመለሱ ስጠይቃቸው «ጡረታ» ብለው ወሬ ይቀይራሉ።

ማስተማራቸው ጭካኔ ነበረበት። አንድ ቀን ቃሊቲ መናኸሪያ ወስደው አግዳሚ ላይ አስቀመጡኝና ዓይኔን አስጨፈኑኝ። «የሰማሽውን ንገሪኝ፤ መኪና ያልሆነውን ብቻ።» ረዳት ሲጣራ፣ ሶፍት ሲሸጥ፣ ዶሮ በከረጢት ውስጥ ስትንፈራገጥ ሰማሁ። ዓይኔን ስገልጥ አጠገቤ ያስቀመጥኩት ጃንጥላ የለም።

«ሲወስደው ሰማሽ?» አሉ።

«አልሰማሁም።»

«እኔ ሰምቼዋለሁ። የግራ እግሩ ይጎተታል።»

«ታዲያ ለምን አልነገሩኝም?»

«ትምህርት ላይ ነበርን።»

በዚህ ሁኔታ ዓመት ገደማ እንደቆየን አንድ ዳይሬክተር ወደ ቪዲዮ ቤታችን መጣ። የወንድሙን ሰርግ እኔ ነበርኩ ያቀናበርኩት፤ ጥሩምባው በመጥፋቱ ተደንቆ የፍቅር ፊልሙን ድምፅ እንድሠራለት ጠየቀኝ። እሱ ራሱ ስለ ድምፅ የሚያውቀው አንድ ነገር ነው፤ ሙዚቃው ከቆመ ሰው ስልኩን ያወጣል። እንደ ምንም ብዬ ሽማግሌው ጋሼ አብረውኝ እንዲሠሩ አስፈቀድኩ። ዳይሬክተሩ «ሃንጋሪ» የሚለውን ሲሰማ ተነስቶ ጨበጣቸው። ሃንጋሪ የት እንደሆነች አለመጠየቁን አደነቅኩለት።

ፊልሙ ውስጥ ባልና ሚስቱ ለጫጉላ አውሮፓ ይሄዳሉ። አውሮፓን የቀረጹት እዚሁ ቃሊቲ፣ አንድ የጀሶ መጋዘን ውስጥ ነው። መሬቱ ላይ ጀሶ በትነው በረዶ አደረጉት፣ ከላይም በወንፊት ነፉት፤ ተዋናዮቹ ኮትና ሻርፕ ለብሰው በላብ ተጠምቀዋል። ምስሉ ሲታይ እውነትም አውሮፓ ይመስላል። ድምፁ ግን ከመጋዘኑ ጀርባ በሚሠራ ጄኔሬተር ተውጦ አንድም የሚድን ነገር የለውም። እርምጃውንም ንግግሩንም እንደ አዲስ መሥራት ነበረብን።

እርምጃውን እናቴ ቤት ሠራነው፤ ከአስፋልቱ ገባ ያለና ጸጥ ያለ ስለሆነ ነው። ጋሼ በሩን እንዳለፉ የጠየቁት ዱቄት ነበር። ጤፍ ቀረበላቸው፣ ጨብጠው ናቁት። በሶ ቀረበ፣ «ይህ ኩበት መርገጥ ነው» አሉ። በመጨረሻ እናቴ ለገንፎ ያስቀመጠችውን ቡላ አመጣች። አሮጌ የቆዳ ቦርሳ ውስጥ ሞልተው፣ ማይኩ ፊት በሁለት እጃቸው ጨመቅ ሲያደርጉት ጆሮዬ ላይ ባደረግኩት ማዳመጫ ውስጥ የገባው ድምፅ ፀጉሬን አቆመው። በረዶ በሕይወቴ ረግጬ አላውቅም፤ እግሬ ግን በረደኝ።

«ይህ የጥር በረዶ ነው» አሉ። «የመጋቢት ከሆነ ትንሽ ውኃ ይፈልጋል።»

«ቡላዬን ውኃ እንዳያስነኩብኝ» አለች እናቴ ከበሩ ሆና።

ምስሉን እያዩ፣ ለእያንዳንዱ እርምጃ ቦርሳውን እየጨመቁ ቀጠሉ። እናቴ ቡላዋን ልትጠብቅ ቆማ ኮምፒውተሩ ላይ አፍጥጣለች። ትንሽ ቆይታ እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«ምን ሆንሽ?» አልኳት።

«ይህ የፍቅር ፊልም ነው ያልሽኝ?»

«አዎ።»

«እሷ እኮ ‹አፍህ ሽንኩርት ሽንኩርት ይላል› ነው የምትለው።»

ጋሼ ቦርሳውን አስቀመጡ። ምስሉን ወደ ኋላ መለስኩላት። ስክሪፕቱ ላይ ለዚህ ቦታ የተጻፈው «በፍቅር ያወራሉ» የሚል ብቻ ነው፤ ዳይሬክተሩ የመጣላችሁን ተናገሩ ብሏቸው፣ እነሱም የመጣላቸውን ተናግረዋል። እናቴ አንድ በአንድ አነበበችልን። እሱ የሚስቱን እጅ ይዞ፣ ዓይኑ እንባ አቅርሮ «ምሳ ፍርፍር ስለበላሁ ነው፤ አንቺ ደግሞ እግሬን ረግጠሽ ገደልሽኝ» ይላታል። እሷ ጉንጩን እየዳበሰች ጀሶው ዓይኗን ሊያጠፋው መሆኑን ትነግረዋለች። ከዚያ ደረቱ ላይ ልትጠጋ ስትል ቀና ብላ በረጅሙ ታየዋለች። የፊልሙ ማስታወቂያ ላይ የወጣው ይህ ቦታ ነው። የምትለው «ዳይሬክተሩ ደደብ ነው» ነበር።

ጋሼ እንደዚያ ሲስቁ አይቼ አላውቅም። ካፖርታቸውን አውልቀው ሳቁ። ሲጨርሱ ለእናቴ ወንበር ሳቡላት።

«እመቤቴ፣ ይቀመጡ» አሉ። «ከእንግዲህ ደመወዝተኛ ነዎት።»

ሁለት ከሰዓት ሙሉ ሦስታችን ተቀምጠን ለሽንኩርቱ የሚገጥም ፍቅር ፈለግን። ቃሉ እንደ አዲስ ቢቀዳም ከንፈሩ አይለወጥምና አፍ በሚገጥምበት ላይ የሚገጥም፣ አፍ በሚሾልበት ላይ የሚሾል ቃል ያስፈልጋል። እኔ «አፌ ስምህን ስምህን ይላል» ብዬ አቀረብኩ። እናቴ ወዲያው ጣለችው፤ «‹ም› ላይ ከንፈር ይዘጋል፣ ሽንኩርት ላይ ግን ከንፈሯ አልተዘጋም።» ጋሼ ጥቂት አጉተመተሙና «አፌ ስንቱን ስንቱን ይላል» አሉ። እናቴ ምስሉን አይታ ራሷን ነቀነቀች። «ቱ»ዋ ኩርት ላይ ልክ ገባች። ትልቁ ጭንቅ ዳይሬክተሩ የተሰደበበት ቦታ ነበር። እሱን የፈታችው እራሷ እናቴ ናት። ከንፈሯን በጣቷ እየለካች «የወደድኩት ያንተን ደግ ልብ ነው» አለች። «ደደብ ነው» በነበረበት «ደግ ልብ ነው» ቁጭ አለ። ተዋናዮቹን ጠርተን አስነበብናቸው። ተዋናይቷ ወረቀቱን አንብባ ምስሉን አየች፣ እኔን አየች፣ ሄዳ ማይኩ ፊት ቆመች።

የቀረው ፊልሙን ማጠናቀቅ ነው። አንድ የሆስፒታል ትዕይንት ነበረ፣ ሚስትየዋ ምስጢሯን የምትናገርበት። ቀረጻው የተሠራው አሮጌ አምፖል ሥር ነውና ከንግግሩ በስተኋላ ቀጭን ጩኸት ያለ መሰለኝ፤ እንደ ትንኝ።

«ጋሼ፣ ይህቺን ነገር እናውጣት እንዴ?»

ማዳመጫውን አድርገው ሰሙ። «የቷን ነገር?»

«ቀጭን ጩኸት አለች።»

«ምንም የለም። ጆሮሽ ደክሞት ነው።»

ደግሜ ሰማሁት። አለ ስል የለም ይሉኛል፤ የሠላሳ ዓመት ጆሮ የለም ካለ እኔ ማን ነኝ ብዬ ተውኩት።

ፊልሙ ለሕዝብ ከመውጣቱ በፊት ለፕሮዲዩሰሩና ለጥቂት ሰዎች አንድ ሲኒማ ቤት ውስጥ፣ ቅዳሜ ከሰዓት ታየ። እናቴን ይዣት ሄድኩ። በረዶው ላይ ሰው አጨበጨበ። ደግ ልቡ ላይ አንዲት ሴት አለቀሰች። ከዚያ ሆስፒታሉ መጣ። በትልልቆቹ ስፒከሮች ውስጥ ያቺ ትንኝ ጎሽ ሆና ወጣች። ከፊታችን የተቀመጠ ሰውዬ አንገቱን በጥፊ መታ። አጠገቡ ያለው ጆሮውን በጣቱ ደፈነ። ፕሮዲዩሰሩ ኮቱን ወደ አናቱ ሳበ። ጋሼ መሐል ላይ ተቀምጠው ፈገግ እንዳሉ ናቸው። ዙሪያቸውን አዩ፤ ሰዎቹ አንገታቸውን ለምን እንደሚመቱ አልገባቸውም። እኔ ያኔ ገባኝ።

ዳይሬክተሩ መብራት አስበርቶ ተነሳ። «ይህን ሰምቶ ያሳለፈው ማነው?»

«እኔ ነኝ» አልኩ።

ጋሼ ወደ እኔ ዞረው ከንፈሬን አዩ። ካፖርታቸውን አንስተው ወጡ።

አንድ ሳምንት ሙሉ ሻይ ቤቱ አልመጡም። ስልካቸው ይጠራል፣ አይነሳም። ጩኸቷን ከፊልሙ አውጥቼ ጨርሻለሁ፤ የተዋናይቷ ድምፅ ትንሽ ቢታፈንም ማንም ልብ አይለውም። ጋሼ ቀጭን ድምፅ እንደማይሰሙ መጠርጠሬን ግን ለእናቴ ነገርኳት።

«እኔማ በረዶውን ሲሠሩ ነው ያወቅኩት» አለች። «ከጀርባቸው ሆነሽ ቀጭን በሆነች ድምፅሽ ስትጠሪያቸው አይዞሩም። ከንፈር ነው የሚያዩት። ያውም አያውቁበትም።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«የጆሮ ባለሙያዋ አንቺ መስለሽኝ።»

አብረን ሄድን። ቤታቸው ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ነው፤ ግቢው ውስጥ ልብስ እየዘረጉ አገኘናቸው። እናቴ ሰላምታም ሳትሰጥ ፊት ለፊታቸው ቆማ «ጆሮዎ ከሞተ ስንት ጊዜ ሆነው?» አለቻቸው። ሸሚዛቸውን እንደያዙ ቆሙ። ከዚያ አግዳሚ ላይ ተቀመጡና ነገሩን አወጡት።

ቡዳፔስት እያሉ ነው የጀመራቸው። አንድ ፊልም ላይ የቀብር ንግግር ነበረ፤ የተናጋሪዋ ጉትቻ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ክሽ ክሽ ሲል እርሳቸው ሳይሰሙት አሳለፉት። ፊልሙን ሊያይ የተሰበሰበው ሰው ሐዘኑን ትቶ ሳቀ። «ሃንጋሪዎች ሲያባርሩሽ አበባ ይሰጡሻል» አሉ። «ትልቅ አበባ ሰጡኝ።» ወፍራሙን ድምፅ ይሰማሉ፤ ሳሉን፣ በሩን፣ ጥሩምባውን። ቀጭኑ ነው የሄደው።

«አቃቂ የመጣሁትኮ እዚህ ቀጭን ድምፅ የለም ብዬ ነው» አሉ። «ሁሉም ነገር ተሳቢ መኪና ነው። ማን ይነቃብኛል?»

«ጃንጥላዬን የወሰደውንስ ሌባ?» አልኳቸው። «እግሩ ሲጎተት ሰማሁ አላሉኝም?»

«አልሰማሁም። ዓይኔን አልጨፈንኩም ነበር፤ ሲወስደው አየሁት።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉ?»

«ግዙፍ ነበራ።»

እናቴ ልብስ ማስጣቱን ጨርሳላቸው ስትመለስ ከንፈር ማንበብ እንደምታስተምራቸው ነገረቻቸው። ፈቃዳቸውን አልጠየቀችም። እርሳቸው የለመዱት የሃንጋሪኛ ከንፈር መሆኑን፣ አማርኛ አፍ ውስጥ እንደሚቀር ሊያስረዱ ሞከሩ። «እኔ አዳራሽ ማዶ ካለች ሴት የጉራጌኛ ሐሜት ለቅሜያለሁ» አለቻቸው። በየቅዳሜው በረንዳዋ ላይ ይቀመጡ ጀመር፣ መንገደኛውን እያዩ። ክፉ አስተማሪ ናት። ሲሳሳቱ ጉልበታቸውን በጣቷ ትመታለች። አንድ ቀን ስደርስ ጋሼ ከማዶ የቆሙ ባልና ሚስትን እያዩ «ስለ ቤት ኪራይ ነው» ሲሉ፣ እናቴ «ስለ ኪራይ ቢሆን እሷ ትስቅ ነበር? ደግመው ይዩ» ትላቸዋለች። እኔን ሻይ አፍዪ ብለው ገፉኝ።

ፊልሙ ወጣ። «የወደድኩት ያንተን ደግ ልብ ነው» የምትለዋን ቦታ ወጣቱ እየቆረጠ በየስልኩ ይላላካት ጀመር። ዳይሬክተሩ አንድ ቃለ መጠይቅ ላይ ቃሉን አምጦ እንደጻፈው ተናገረ። በማግስቱ ተዋናይቷ ደወለችልኝ።

«ያን ቀን ምን እያልኩ እንደነበር ማነው የነገራችሁ?»

«እናቴ ናት። ከንፈር ታነባለች።»

«ዳይሬክተሩ ያውቃል?»

«አያውቅም።»

«እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እናትሽን ግን ቀረጻ ቦታ እንዳታመጫት።»

አሁን ከቪዲዮ ቤቱ ወጥቼ ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ውስጥ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ አንዷን ክፍል ስቱዲዮ አድርጌያታለሁ። ግድግዳው ላይ ፍራሽ ለጥፌያለሁ። ከታች ያሉት ጎረቤቶቼ ስለ እኔ ምን እንደሚያስቡ አልጠይቅም፤ ጠዋት ጥፊና ለቅሶ ይሰማሉ፣ ከሰዓት መሳሳም ይሰማሉ፣ ሲያንኳኩ የምከፍተው እኔ ብቻ ነኝ፣ ክንዴ ርሶ። ጋሼ በሳምንት ሦስት ቀን በአውቶቡስ ይመጣሉ። ሥራውን ተከፋፍለነዋል፤ ነጎድጓድ፣ በር፣ ከባድ መኪና፣ የወንድ እርምጃ የእርሳቸው ነው፣ ቀጭኑ ሁሉ የእኔ። እናቴ የጆሮ ሐኪም ዘንድ እንሂድ ብላ አንድ ጊዜ ይዛቸው ሄዳ፣ ሁለቱም ጆሮ ላይ የሚደረግ የመስሚያ መሣሪያ ተሰጥቷቸው ተመለሱ። እርሷ ሳጥን ውስጥ አስቀመጠችው። እርሳቸው ሰፈራቸው እስኪደርሱ አድርገውት፣ ከሚኒባሱ ሲወርዱ አውልቀው ኪሳቸው ከተቱት። «ይህ ሁሉ ሰው እንደዚህ እየጮኸ ነው የሚኖረው?» ብለው ጠየቁኝ።

ባለፈው ሰሞን አንድ የገጠር ፊልም መጣልን። ንጋት ነው፤ ሜዳ፣ ጭጋግ፣ የወፍ ድምፅ ይፈልጋል። ወፍ የእኔ ድርሻ ነው። እርሳቸው ግን እምቢ አሉ፤ «አንቺ የኮንዶሚኒየም ልጅ፣ ከቁራ ሌላ ምን ታውቂያለሽ?» ልጅ ሆነው የአቃቂ ወንዝ ዳር የሰሟቸውን ወፎች በየተራቸው፣ በየሰዓታቸው አስጻፉኝ። የትኛዋ ቀድማ እንደምትነሳ፣ የትኛዋ መልስ እንደምትሰጥ፣ መቼ ሁሉም አንድ ላይ ዝም እንደሚሉ። እኔ ከሰበሰብኳቸው ድምፆች እየፈለግኩ አንድ በአንድ አስቀመጥኩ። ሲያልቅ አጫወትኩት። እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው፣ ኮምፒውተሩ ላይ የድምፁ መስመር ከፍ ዝቅ ሲል ተመለከቱ።

«ሦስተኛዋን ቀንሻት» አሉ። «ሌሎቹን አላስወራ ብላለች።»

ቀነስኳትና መልሼ ሰማሁት። ልክ ነበሩ።

«እንዴት ሆነ?» አሉኝ፣ ከንፈሬን እያዩ።

የሰማሁትን ከመጀመሪያዋ ወፍ ጀምሬ፣ ቀስ እያልኩ፣ አፌን ገለጥ አድርጌ እስከ መጨረሻዋ ድረስ ነገርኳቸው።